ሙዚዶራ፦ የድምፅ አልባው ፊልም ተዋናይ፣ አዘጋጅና ታሪክ ሰብሳቢ

እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 23 ቀን 1889 ፓሪስ ውስጥ የተወለደችው ዣን ሮክ በፈረንሳይ የፊልም ታሪክ የምትታወቀው ሙዚዶራ በሚለው የመድረክ ስሟ ነው። (ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታትም በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) ስሟ በተነሣ ቁጥር አብሮ የሚነሣው አንድ ገጸ ባሕርይ ነው፤ በ1915 እና በ1916 በታየው «ሌ ቫምፒር» በተሰኘው ተከታታይ ፊልም ውስጥ ከራስ እስከ እግሯ ጥቁር ለብሳ በፓሪስ ጣራዎች ላይ የምትሹለከለከው ሌባ፣ ኢርማ ቬፕ። ይሁን እንጂ ይህ ሚና የሥራ ዘመኗ አንድ ምዕራፍ ብቻ ነበር። ሙዚዶራ ከዚያ በፊት የመድረክ ተዋናይና ዳንሰኛ፣ ከዚያ በኋላ ደግሞ የራሷን ኩባንያ ያቋቋመች የፊልም አዘጋጅ፣ ደራሲና በመጨረሻም የፊልም ታሪክ ሰብሳቢ ሆናለች። ከዚህ ሁሉ ጎልቶ የቀረው አንዱ ብቻ የሆነበት ዋናው ምክንያት ቀላል ነው፤ የአንዱ ፊልም ቅጂ ተርፏል፣ የሌሎቹ አብዛኛው ወይ ጠፍቷል ወይ ለብዙ ዘመን ከተመልካች ዓይን ርቆ ቆይቷል።

ልጅነትና መድረክ

ያደገችው ኪነ ጥበብና ፖለቲካ በማይለዩበት ቤት ነው። አባቷ ዣክ ሮክ የሙዚቃ ደራሲና የሶሻሊዝም አቀንቃኝ ነበር። እናቷ ሥዕል የምትሥልና ለሴቶች መብት የምትከራከር ሴት ነበረች። ልጅቱም በመጀመሪያ ያዘነበለችው ወደ ሥዕል ነበር፤ መሣሏንና መጻፏን እስከ ዕድሜዋ ማብቂያ አልተወችም። ወደ ትያትር የገባችው በሃያዎቹ ዕድሜዋ መጀመሪያ ላይ ሲሆን፣ የመድረክ ስሟን የወሰደችው ከቴዎፊል ጎቲዬ ልቦለድ ከ«ፎርቱኒዮ» ባለታሪክ ነው።

በዚያን ጊዜ የፓሪስ መዝናኛ ማዕከል ዘፈን፣ ዳንስና አጫጭር ድራማ በአንድ ምሽት ተደባልቀው የሚቀርቡባቸው ትልልቅ የትርዒት ቤቶች ነበሩ። ሙዚዶራ በባታክላንና በፎሊ በርዤር መድረኮች ላይ ሠርታለች። እነዚህ ቤቶች ያስተማሯት ሙያ በኋላ ለፊልም በእጅጉ ጠቅሟታል። በሰውነት እንቅስቃሴ መናገር፣ በአንድ ምሽት ብዙ ልብስና ብዙ ማንነት መለዋወጥ፣ ከሩቅ ወንበር ለተቀመጠ ተመልካች ፊትን ማስነበብ እዚያ የተማረቻቸው ናቸው። ከደራሲዋ ከኮሌት ጋር የተወዳጀችውም በዚሁ የመድረክ ዓለም ነው። ኮሌት ራሷ በዚያ ዘመን በትርዒት ቤቶች ትጫወት ነበር፤ በዕድሜ ታላቋ ብትሆንም ወዳጅነታቸው እስከ ኮሌት ሞት ድረስ ዘልቋል።

ወደ ፊልም መግባት

የመጀመሪያ ፊልሟ ከትልልቆቹ ኩባንያዎች የመጣ አልነበረም። በ1913 አናርኪስቶችና የሠራተኛ ማኅበር ሰዎች ተሰባስበው ለሠራተኛው ሕዝብ ፊልም የሚሠራ «ሲኒማ ዱ ፐፕል» የተባለ የኅብረት ሥራ ማኅበር ፓሪስ ላይ አቋቁመው ነበር። ማኅበሩ በ1914 መጀመሪያ ላይ ያሳየው «ሌ ሚዜር ደ ሌጉዊ» የተባለ ፊልም በመርፌ ሥራ የሚተዳደሩ ሴቶችን ችግር የሚተርክ ሲሆን፣ ዳይሬክተሩ ራፋኤል ክላሙር ነበር። ሙዚዶራ በዚህ ፊልም የኑሮ ሸክም ያጎበጣትን ልብስ ሰፊ ሆና ተጫውታለች። ገንዘብ ያልነበረው ማኅበር ግን ብዙ ሳይቆይ ፈረሰ።

በዚያው ዓመት በፎሊ በርዤር መድረክ ላይ ያያት ዳይሬክተሩ ሉዊ ፌያድ ወደ ጎሞን ኩባንያ ወሰዳት። ጎሞን ከፓቴ ቀጥሎ የፈረንሳይ ትልቁ የፊልም ድርጅት ነበር፤ ስቱዲዮዎቹም በፓሪስ ሰሜን ምሥራቅ፣ በቡት ሾሞን ሠፈር ነበሩ። ፌያድ የድርጅቱን የጥበብ ኃላፊነት የተረከበው በ1907 የቀድሞዋ ኃላፊ አሊስ ጊ ወደ አሜሪካ ስትሄድ ነው። በ1913 እና በ1914 የወንጀለኛውን የፋንቶማስን ታሪክ በአምስት ፊልሞች አቅርቦ ዝናው ናኝቶ ነበር። ሙዚዶራ በጎሞን ሥራዋን የጀመረችው «ሴቬሮ ቶሬሊ» በተባለው የ1914 ታሪካዊ ድራማ ሲሆን፣ ቀጥሎም አንደኛው የዓለም ጦርነት ባስከተላቸው አገር ወዳድ አጫጭር ፊልሞችና በኮሜዲዎች ውስጥ ታይታለች። ኩባንያው እንደ ቋሚ ሠራተኛ ስለሚያሠራት ሳምንቱን በድራማ ጀምራ በቀልድ ልትጨርሰው ትችል ነበር።

«ሌ ቫምፒር»

«ሌ ቫምፒር» የተወለደው ከንግድ ፉክክር ነው። በ1915 ተቀናቃኙ ፓቴ፣ ፐርል ዋይት የተባለችው አሜሪካዊት የምትጫወትበትን ተከታታይ ፊልም «የኒው ዮርክ ምስጢሮች» በሚል ርእስ ለፈረንሳይ ተመልካች ሊያቀርብ ተዘጋጀ። ታሪኩ በየሳምንቱ በ«ለ ማተን» ጋዜጣ ላይ ይወጣ፣ ያነበበው ሰው ያንኑ ክፍል ሲኒማ ቤት ሄዶ ያየው ነበር። ጎሞን እንዳይቀደም ፌያድን አጣደፈው። ፌያድ ውትድርና ተጠርቶ በጤና ምክንያት ከተመለሰ ገና ብዙም አልቆየም። የ«ሌ ቫምፒር» የመጀመሪያ ክፍሎች ኖቬምበር 13 ቀን 1915 ታዩ፤ አሥረኛውና የመጨረሻው ክፍል የወጣው በጁን መጨረሻ 1916 ነው። ሁሉም ክፍሎች አንድ ላይ ሲደመሩ ሰባት ሰዓት ገደማ ይሆናሉ፤ የእያንዳንዱ ርዝመት ግን ከሩብ ሰዓት እስከ አንድ ሰዓት የሚጠጋ ስለሆነ እኩል አልነበረም።

ርእሱ ደም መጣጭ መናፍስትን ቢያስጠብቅም ፊልሙ ስለ እነርሱ አይደለም። «ቫምፒሮቹ» ፓሪስን የሚያሸብሩ፣ በመርዝ፣ በጋዝና በማስመሰል የሚዘርፉና የሚገድሉ የወንጀለኞች ቡድን ናቸው። የሚያሳድዳቸው ፊሊፕ ጌራንድ የተባለ ጋዜጠኛ ነው፤ ሚናው የኤድዋር ማቴ ነው። ረዳቱን ማዛሜትን የተጫወተው ቀልደኛው ማርሴል ሌቬስክ፣ በየመሐሉ ወደ ካሜራው ፊቱን አዙሮ ከተመልካች ጋር የሚተዛዘብ ይመስላል።

ኢርማ ቬፕ የምትመጣው በሦስተኛው ክፍል ነው። ጌራንድ በአንድ ካባሬ ደጃፍ ቆሞ የዘፋኟን ስም የያዘውን ፖስተር ሲመለከት፣ የስሟ ፊደላት ከቦታቸው ተነሥተው በፊቱ ይለዋወጡና «ቫምፒር» የሚለውን ቃል ይሠራሉ። ቀጥላ ይህችው ሴት ሠራተኛ መስላ በጋዜጠኛው ቤት ትቀጠራለች። ከዚያ ወዲያ በየክፍሉ መልኳን ትቀያይራለች። በአንዱ የባንክ ጸሐፊ ናት፤ በስድስተኛው ክፍል ደግሞ የወንድ ልብስ ለብሳ የአንድ መስፍን ልጅ ነኝ ብላ ሆቴል ታርፋለች። ሌሊት ሲሆን ገላዋ ላይ የተጣበቀውን ጥቁር የሐር ልብስ አጥልቃ፣ ከዓይኗ በቀር ፊቷን ሁሉ ሸፍና በግድግዳና በጣራ ላይ ትወጣለች። ሙዚዶራ ከመድረክ ባመጣችው ቅልጥፍና ከአደገኛዎቹ ትዕይንቶች ብዙዎቹን ራሷ ትሠራ ነበር።

የኢርማ ቬፕ ጉልበት የሚታየው በዙሪያዋ ያሉት ወንዶች ሲያልፉ እሷ በመቅረቷ ነው። በፊልሙ ሂደት የቡድኑ መሪዎች አንድ በአንድ ይሞታሉ። የመጀመሪያውን «ታላቁን ቫምፒር» የገደለችው ራሷ ኢርማ ናት፤ ተቀናቃኙ ሞሬኖ በዓይኑ አፍዝዞ ነው ይህን ያሠራት። ከዚያ ሳታናስ፣ ከዚያ ቬኔኖስ ይተካሉ፤ መሪው ማንም ይሁን ማን ኢርማ ከጎኑ አለች። ተፈርዶባት በመርከብ ወደ አልጄሪያ ስትወሰድ መርከቡ በፍንዳታ ይወድማል፣ እሷ ግን ተርፋ ትመለሳለች። በመጨረሻው ክፍል በጥይት የሚጥላት ጋዜጠኛው ሳይሆን ሚስቱ ናት።

አሠራሩ ችኮላ የሞላበት ነበር። ፌያድ የተጠናቀቀ የፊልም ጽሑፍ ሳይኖረው ሴራውን እየፈጠረ ይቀርጽ ነበር። ተዋንያን ወደ ጦር ግንባር ይጠራሉ፣ ገንዘብ ያጥራል፣ የቀረጻ ዕቃም አይበቃም። በዚህም ሳቢያ ታሪኩ በቦታው ቦታው ይዘላል። ሆኖም ከስቱዲዮ ውጭ የተቀረጹት ትዕይንቶች ጦርነቱ ያራቆተውን የፓሪስ ዳርቻ ጎዳና፣ የግንብ አጥርና ባዶ ቦታ እንዳለ አስቀርተዋል። ካሜራው ከቦታው ብዙም ሳይንቀሳቀስ ይቆያል፤ አስፈሪው ነገር የሚመጣው ከተራ ሳሎን መጋረጃ፣ ከምድጃ ወይም ከቁም ሣጥን ውስጥ ነው።

ሕዝቡ ፊልሙን ሲወደው የዘመኑ ሐያሲያን ንቀውታል። ባለሥልጣናቱን ያሳሰባቸው ሌላ ነገር ነበር። በ1911 እና በ1912 በመኪና እየበረረ ባንክ የዘረፈው የቦኖ ቡድን ገና ከሰው አእምሮ አልወጣም፤ ወታደሩ በግንባር እየሞተ ሳለ ወንጀለኛን የሚያሞካሽ፣ ፖሊስን ደካማ አድርጎ የሚያሳይ ፊልም አይፈቀድም የሚል ክርክር ተነሣ። የፓሪስ ፖሊስ አንዳንድ ክፍሎችን ለጊዜው አገደ። እገዳው የተነሣው ሙዚዶራ ራሷ የፖሊስ አዛዡን አነጋግራ ካግባባችው በኋላ ነው ይባላል።

ኩባንያው ራሱም በገነነው ሚና መቀለዱ አልቀረም። ሙዚዶራና ሌቬስክ በ1916 አብረው በሠሩት «ላጉርዴት» በተባለ አጭር ኮሜዲ ውስጥ የቫምፒሮቹን ታሪክ እያነበበች ልቧ የሚሰቀልባትን ሴት ተጫውታለች፤ ሌቬስክ ደግሞ እሷን ለማስደሰት ሌባ ነኝ ይላል።

«ዡዴክስ»

ቀጣዩ ተከታታይ ፊልም ለዚያ ሁሉ ወቀሳ የተሰጠ መልስ ነበር። ፌያድ ከደራሲው አርቱር ቤርኔድ ጋር የጻፈው «ዡዴክስ» በ1916 ተቀርጾ ከጃንዋሪ 1917 ጀምሮ በአሥራ ሁለት ክፍሎች ታየ፤ ታሪኩም «ለ ፐቲ ፓሪዚየን» በተባለው ጋዜጣ ላይ ይወጣ ነበር። የዚህ ፊልም ባለጥቁር ካባ ወንጀለኛ ሳይሆን ግፈኛ ባንክ ነጋዴን የሚበቀል ፍትሕ ፈላጊ ነው። ሚናውን የያዘው ሬኔ ክሬስቴ ነበር።

ሙዚዶራ ግን ያው ክፉ ሆና ቀረች። ዲያና ሞንቲ የተባለችው ገጸ ባሕርይዋ የልጅ ሞግዚት መስላ ወደ ባንክ ነጋዴው ቤት የገባች፣ ሀብቱን ለመውረስ የምታሴር ሴት ናት። ኢርማ ቬፕ ከነወንጀሏ ተመልካችን ስታማልል፣ ዲያና ቀዝቃዛ ስሌተኛ ናት፤ መጨረሻዋም ባሕር ውስጥ ሰጥሞ መሞት ነው። ሁለቱ ሚናዎች ሲደመሩ ግን ሙዚዶራን በአንድ ዓይነት ሰው አጥረዋት ነበር። ከ«ዡዴክስ» በኋላ ከጎሞን ወጣች።

ከካሜራው ኋላ

ጎሞን ሳለችም ሌላ ሐሳብ ይዛ ነበር። በ1916 የኮሌትን ልቦለድ መሠረት ያደረገ «ሚን» የተባለ ፊልም መሥራት ብትጀምርም አልተፈጸመም። በ1917 ሮም ሄዳ የኮሌት «ላ ቫጋቦንድ» ወደ ፊልም ሲቀየር ዋናዋን ገጸ ባሕርይ ተጫወተች፤ ዳይሬክተሩ ጣሊያናዊው ኤውጄኒዮ ፔሬጎ ነበር፣ ኮሌትም ሮም ተቀምጣ በዝግጅቱ ተሳትፋለች። ታሪኩ በትርዒት ቤት የምትሠራ፣ ነፃነቷን ከትዳር የምታስበልጥ ሴት ታሪክ በመሆኑ ለሁለቱም ሩቅ አልነበረም። በ1918 ኮሌት በቀጥታ ለፊልም የጻፈችውን «ላ ፍላም ካሼ» ሙዚዶራ ከሮዤ ሊዮን ጋር አዘጋጀችው። አንዲት ታዋቂ ደራሲ የጻፈችውን ሌላ ሴት ማዘጋጀቷ ለዘመኑ እንግዳ ነገር ነበር። ፊልሙ ግን ዛሬ የለም።

በፈረንሳይ ሴት የፊልም አዘጋጆች በጣት የሚቆጠሩ ነበሩ። አሊስ ጊ ከሄደች በኋላ በዚሁ ዘመን ጎልታ የወጣችው ዤርሜን ዱላክ ናት። ሙዚዶራም የራሷን ስም የያዘ የፊልም ኩባንያ አቋቋመች። ይህ ሥራ ተዋናይ ከመሆን የተለየ አደጋ ነበረው፤ ገንዘብ ፈላጊዋ፣ ጽሑፍ አዘጋጇ፣ ዳይሬክተሯና ዋና ተዋናይዋ አንድ ሰው ስለሆነች ፊልሙ ሲከስር ኪሳራው የሚያርፈው በራሷ ላይ ነው። በኩባንያዋ በኩል «ቪሴንታ» ከተባለው ፊልም ቀጥሎ «ፑር ዶን ካርሎስ» ተሠራ።

«ፑር ዶን ካርሎስ» ትልቁ ምኞቷ ነበር ማለት ይቻላል። መነሻው በዚያ ዘመን መጽሐፎቹ በብዛት ይነበቡ የነበረው የፒየር ብንዋ ልቦለድ ነው። ታሪኩ የሚካሄደው በ1870ዎቹ፣ የስፔንን ዙፋን የይገባኛል ጥያቄ ያነሣው የዶን ካርሎስ ደጋፊዎች ከመንግሥት ጦር ጋር በተዋጉበት ጊዜ ነው። ሙዚዶራ ፊልሙን ከዣክ ላሴን ጋር አዘጋጅታ፣ ለዶን ካርሎስ የምትዋጋውን አሌግሪያን ራሷ ተጫወተች። ቀረጻው የተካሄደው በታሪኩ ቦታ፣ በባስክ ምድር ተራሮችና ከተሞች ሲሆን ብዙ ሰው የተሳተፈባቸው የጦርነት ትዕይንቶች ነበሩት። ወጪው ከፍተኛ ነበር፤ በ1921 ለሕዝብ ሲቀርብም ተቆራርጦ ታየ፣ ያወጣውንም ገንዘብ አልመለሰም።

የስፔን ዓመታት

ኪሳራው ከስፔን አላራቃትም። በቀጣዮቹ ዓመታት ኑሮዋንም ሥራዋንም እዚያው አደረገች። ለዚህ አንዱ ምክንያት ከፈረስ ላይ ሆኖ ከኮርማ ጋር በመፋለም ስመ ጥር ከነበረው የኮርዶባ ሰው ከአንቶኒዮ ካኜሮ ጋር የመሠረተችው ፍቅር ነው። ካኜሮ በፊልሞቿም ተጫውቷል።

በ1922 የታየው «ሶሌይ ኤ ኦምብር» የዚህ ዘመን ዋና ሥራዋ ነው። በአንድ የስፔን ከተማ የምትኖር ሁዋና የተባለች ድሃ ሴትና ከውጭ የመጣች ባለወርቃማ ፀጉር ሴት በአንድ የኮርማ ተፋላሚ ፍቅር ይፎካከራሉ። ሁለቱንም ሴቶች የተጫወተችው ሙዚዶራ ናት። በ«ሌ ቫምፒር» ልብስ መለዋወጥ ለማታለል ነበር፤ እዚህ ግን ሁለት የተለያዩ ሰዎችን ለማሳየት ሆነ። ሁዋናን ከሞላ ጎደል ያለ መኳኳያ፣ በፀሐይ ብርሃንና በእውነተኛ ጎዳና ላይ አቆመቻት። ከጎሞን ሳሎኖች ጋር ሲተያይ ፊልሙ ቆጠብ ያለ፣ መልክዓ ምድሩንም እንደ ገጸ ባሕርይ የሚጠቀም ነው።

በ1924 ያቀረበችው «ላ ቲየራ ደ ሎስ ቶሮስ» ደግሞ ፊልምንና መድረክን ያጣመረ ነው። ፊልሙ ስለ ኮርማ ርቢና ፍልሚያ ዓለም እየተረከ ይሄድና በመሐል ይቋረጣል፤ በማያ ገጹ ላይ የነበረችው ሙዚዶራ በአካል መድረክ ላይ ወጥታ ትዘፍናለች፣ ትጫወታለች፤ ከዚያ ፊልሙ ይቀጥላል። ይህ አቀራረብ የትርዒት ቤት ልምዷን ከፊልም ሙያዋ ጋር ያገናኘ ቢሆንም፣ እሷ በሌለችበት ሊታይ የማይችል ስለሆነ ከጉዞዋ ውጭ ሊሰራጭ አልቻለም።

ከፊልም በኋላ

ወደ ፈረንሳይ ስትመለስ ዓለም ተለውጦ ነበር። ተከታታይ ፊልም ከፋሽን ወጥቷል፣ ፌያድ በ1925 ሞቷል፣ ጎሞንም እንደ ድሮው አልነበረም። በ1926 በታየው «ለ ቤርሶ ደ ዲዩ» ውስጥ ከተጫወተች በኋላ ከፊልም ትወና ራቀች። በ1927 ክሌማን ማሮ የተባለ ሐኪም አግብታ አንድ ልጅ ወለደች፤ ትዳሩ በ1940ዎቹ በፍቺ አበቃ። በእነዚህ ዓመታት ለመድረክ ጽፋለች፣ ልቦለዶችና ግጥሞችም አሳትማለች።

በዚህ መሐል የድሮ ሚናዋ በሌሎች ሰዎች እጅ አዲስ ሕይወት ያዘ። አንድሬ ብረቶንና ሉዊ አራጎን በጦርነቱ ጊዜ የሕክምና ትምህርት ላይ የነበሩ ወጣቶች ሳሉ «ሌ ቫምፒር»ን አይተው ተማርከው ነበር። የሱሪያሊስቶች ቡድን መሪዎች ከሆኑ በኋላ በ1928 «የኢየሱሳውያን ሀብት» የተባለ ተውኔት ለሙዚዶራ ጻፉ። ሐሳቡ በ1922 ለሞተው ለሬኔ ክሬስቴ ባለቤት መርጃ በሚዘጋጅ ምሽት እንድትጫወተው ነበር፤ ዝግጅቱ ሳይሳካ ቀርቶ ተውኔቱ በ1929 «ቫሪዬቴ» በተባለ የቤልጅግ መጽሔት ታተመ። ሐያሲያን የናቁት የሠፈር ሲኒማ ቤት ፊልም በሥነ ጽሑፍ ሰዎች ዘንድ ክብር ማግኘት የጀመረው በዚህ መንገድ ነው።

የሥራዋ የመጨረሻ ምዕራፍ በሲኒማቴክ ፍራንሴዝ ነበር። አንሪ ላንግሉዋና ዦርዥ ፍራንዡ በ1936 ከወዳጆቻቸው ጋር ይህን ተቋም ያቋቋሙት ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣ ዋጋ የለውም ተብሎ እየተጣለና እየቀለጠ የነበረውን የድምፅ አልባውን ዘመን ፊልም ለማዳን ነው። ሙዚዶራ ከ1940ዎቹ ጀምሮ በተቋሙ የታሪክ ጥናት ሥራ ላይ ተሰማርታ፣ በሕይወት የነበሩትን ቀደምት ዳይሬክተሮች፣ የካሜራ ባለሙያዎችና ተዋንያን ትዝታ ሰበሰበች። ብዙዎቹን በግል ታውቃቸው ስለነበር ለሌላ ጠያቂ የማይከፈት በር ይከፈትላት ነበር። በ1950ዎቹ መጀመሪያ ላይም ከድሮ ፊልሞች የተቀነጨቡ ትዕይንቶችን አያይዛ ፌያድን የሚዘክር «ላ ማዢክ ኢማዥ» የተባለ ሥራ አዘጋጀች። በዲሴምበር 1957 ፓሪስ ውስጥ አረፈች።

ከሞቷ በኋላ

ፍራንዡ በ1963 «ዡዴክስ»ን እንደገና ሠርቶ ለፌያድ መታሰቢያ አደረገው፤ ጽሑፉን ከሠሩት አንዱ የፌያድ የልጅ ልጅ ዣክ ሻምፕሬ ነበር። በዚህ ፊልም ዲያና ሞንቲን ፍራንሲን ቤርዤ በጥቁር ጥብቅ ልብስ ተጫውታለች፤ የሙዚዶራ ሁለቱ ሚናዎች በአንድ ተዳብለዋል ማለት ነው። በ1996 ኦሊቪዬ አሳያስ «ኢርማ ቬፕ» በተባለው ፊልሙ የሆንግ ኮንግ ተዋናይዋ ማጊ ቸንግ «ሌ ቫምፒር»ን እንደገና ለመሥራት ፓሪስ ስትመጣ የሚገጥማትን ተረከ፤ በ2022 ደግሞ ያንኑ ሐሳብ በአሊሺያ ቪካንደር ተዋናይነት ወደ ቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ለወጠው።

ሌላውን ገጽታዋን ያነሡት የሴቶች ንቅናቄ አባላት ናቸው። በ1973 ፓሪስ ውስጥ የተቋቋመ የሴቶች የፊልም ማኅበር «ሙዚዶራ» ተብሎ ተሰየመ፤ በቀጣዩ ዓመትም በከተማዋ ሴቶች የሠሯቸው ፊልሞች የሚታዩበት ፌስቲቫል አዘጋጀ። ስያሜው የተመረጠው ለሌባዋ ኢርማ ብቻ ሳይሆን ኩባንያ አቋቁማ ፊልም ላዘጋጀችው ሴት ጭምር ነው።

ከዚያ ወዲህ የተደረገው የፊልም ማደስ ሥራ ሚዛኑን ጥቂት አስተካክሎታል። «ሌ ቫምፒር» የጠፉት ጽሑፋዊ መግለጫዎቹ ተተክተው በሙሉ ርዝመቱ ይታያል። «ሶሌይ ኤ ኦምብር» ተርፏል፣ «ፑር ዶን ካርሎስ»ም ታድሶ በድምፅ አልባ ፊልም ፌስቲቫሎች ላይ ቀርቧል። ከኮሌት ጋር የሠራቻቸው ሥራዎች ግን በአብዛኛው በፎቶግራፍና በዘመኑ ጋዜጦች ብቻ የሚታወቁ ናቸው። ስለዚህ ሙዚዶራ በአዘጋጅነት ያላት ደረጃ የሚመዘነው በዋነኛነት በስፔን በቀረጸቻቸው ፊልሞች ላይ ተመሥርቶ ነው።